ላሊበላን ያየ ሰው አንኮር ሄዶ ምን ይሠራል? (የአንባቢያን ጥያቄና መልስ)

ባለፈው እትም ካምቦዲያ ውስጥ አንኮር በሚባለው ቦታ ስላሉት የጥንት የክሜር ቤተ መቅደሶች አጠር ያለች ነገር ጽፈን ነበር፣ ከዛ ወዲህ ጥያቄው በተለይ ከወሎ በኩል ጎርፏል፣ እውነቱን ለመናገር ይሄን ያህል አልጠበቅንም። ሦስቱን መርጠናል።

ጥያቄ፦ ጋሼ እንደምን ሰነበቱ። ደሴ ፒያሳ የጨርቃ ጨርቅ ሱቅ አለኝ፣ ለእቃ ባንኮክ እመላለሳለሁ። አንድ ጓደኛዬ "እዛ ድረስ ሄደህ አንኮርን ሳታይ እንዴት ትመለሳለህ፣ ፕራይቬት ጋይድ ትይዝና በአንድ ቀን ትጨርሰዋለህ" እያለ ይነዘንዘኛል። እኔ ደግሞ ከልጅነቴ ጀምሮ ገናን ላሊበላ እየወረድኩ ያደግኩ ሰው ነኝ፣ ድንጋይ ለማየት ዶላር ማውጣት አልዋጥልኝ አለ። እውነት ያዋጣል? ለብቻ ጋይድ መያዙስ ለምን፣ ከቡድን ጋር ቢኬድ አይረክስም? (ከደሴ)

መልስ፦ አብሽር ወንድሜ፣ ያዋጣል። "በአንድ ቀን ትጨርሰዋለህ" የሚለውን ግን ለጓደኛህ መልስለት። ላሊበላ አስራ አንዱንም በእግርህ ዞረህ ማታ ጠጅህን ልትጠጣ ትችላለህ፣ አንኮር ግን ፓርኩ ብቻ 400 ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፣ ከአንዱ መቅደስ ወደ ሌላው የሚኬደው በመኪና ነው፣ ባንቴይ ስሬይ የሚባለውማ ከሲየም ሪፕ ከተማ ከ30 ኪሎ ሜትር በላይ ይርቃል። ስለዚህ በአንድ ቀን ሦስት ቦታ በደንብ ታያለህ፣ ከዛ በላይ ከሆነ ያየኸው መቅደስ ሳይሆን የመኪና መስኮት ነው።

ለብቻ ጋይድ የሚያዘውም ለዚሁ ነው። በቡድን ስትሄድ አውቶቡሱ የሚቆምበት ቦታና ሰዓት ተቆርጦ ያለቀ ነው፣ አንተ አንዱ ግድግዳ ላይ ልብህ ቀርቶ ሰውዬው ባንዲራውን እያውለበለበ "እንሂድ እንሂድ" ይልሃል። ለብቻህ ከሆነ ግን ቅደም ተከተሉን የምትወስነው አንተ ነህ፣ ሰው ሲበዛ ወደ ሌላ ትዞራለህ፣ ሲደክምህ ትቀመጣለህ። ይሄን መብትህን ካልተጠቀምክበት ግን በከንቱ ነው የከፈልከው፣ ብዙ ሰው ፕራይቬት ይይዝና ዝም ብሎ ጋይዱ በለመደው መንገድ ይነዳል። ከዋዜማው ጀምረህ ንገረው፦ እነዚህን ሦስት ቦታዎች ነው የምፈልገው፣ የስጦታ ዕቃ ሱቅ አታስገባኝ፣ በለው። አይከፋውም፣ ለምዶታል።

አሁን ላሊበላን ያነሳኸው ነገር። ባዮንና ታ ፕሮም የሚባሉትን መቅደሶች ያሠራው ንጉሥ ጃያቫርማን ሰባተኛ የነገሠው እ.ኤ.አ. በ1181 ነው፣ የኛው ንጉሥ ላሊበላም በትውፊት የነገሠበት ጊዜ እዛው አካባቢ ነው፣ ማለትም ሮሃ ላይ ድንጋዩ ወደ ታች ሲፈለፈል እዛ ማዶ ደግሞ ድንጋይ በድንጋይ ላይ ይቆለል ነበር፣ አንዱ ስለሌላው ሳያውቅ። ዋናው መቅደስ አንኮር ዋት ደግሞ ከዚህ ይቀድማል፣ በ12ኛው መቶ ዘመን መጀመሪያ አጋማሽ ሱርያቫርማን ሁለተኛ ቪሽኑ ለሚባለው የሂንዱ አምላክ ያሠራው ነው፣ በኋላ የቡድሃ እምነት ቦታ ሆኖ እስከዛሬ መነኮሳት አሉበት። ድንጋዩ ኩሌን ከሚባል ተራራ ተፈልጦ በቦይ በውኃ ላይ እየተጎተተ የመጣ ነው። ግድግዳው ላይ ጠጋ ብለህ ብታይ ብዙ ብሎኮች ላይ ጣት የምታስገባ ክብ ክብ ቀዳዳ አለ፣ እንጨት ሰክተው ድንጋዩን ያነሱበት ነው ይባላል። ጋይድህ ራሱ ካላሳየህ ጠይቀው፣ እኔ ከሐውልቱ ሁሉ በላይ እሷን ቀዳዳ ነው የወደድኳት።

ቀኑን እንዲህ አድርገው። አንኮር ዋት የሚከፈተው ከሌሊቱ 11 ሰዓት ነው፣ ፊቱ ወደ ምዕራብ ስለሆነ ፀሐይ የምትወጣው ከማማዎቹ ጀርባ ነው፣ ኩሬው ዳር ያለው ግፊያ ግን ሌላ ነገር ነው፣ የሰው ሁሉ ስልክ ሰማይ ላይ ነው። ፎቶ የምትወድ ከሆነ እሺ፣ ካልሆነ አያምልጠኝ ብለህ አትጨነቅ። ዋናው ነገር ፀሐይ እንደወጣች ብዙው ሰው ቁርስ ብሎ ወደ ሆቴሉ ይመለሳል፣ አንተ ያኔ ወደ ውስጥ ግባ። ምሥራቁ በኩል ያለው "የወተት ባሕር ማናወጥ" የሚባለው ቅርጽ 49 ሜትር ገደማ ርዝመት አለው፣ አማልክትና አጋንንት አንድ ትልቅ እባብ በሁለት በኩል ይዘው እንደ ገመድ ሲጓተቱ ነው፣ በባዶ ኮሪደር ውስጥ ቀስ እያልክ ስታየውና በሰው ተጨናንቀህ ስታየው አንድ አይደለም። ከዛ ታ ፕሮም፣ ዛፎቹ ሥራቸውን ግድግዳው ላይ ያፈሰሱበት፣ እሱም በጠዋት ነው ደስ የሚለው። እኩለ ቀን ላይ ሆቴልህ ተመልሰህ ተኛ፣ ሙቀቱ የደሴን ሰው አይምርም። ከሰዓት ባዮን።

ባዮን ላይ ሁሉም ሰው ማማዎቹ ላይ ያሉትን ትልልቅ ፊቶች ሲያይ አንገቱ ይደነድናል፣ አንተ ነጋዴ ነህና ወደ ታች ውረድ፣ የውጭው ግድግዳ ላይ ገበያ ተቀርጿል። ሴትዮዋ ሚዛን ይዛ ትመዝናለች፣ አውራ ዶሮ ያዋጋሉ፣ ምግብ ያበስላሉ፣ የቻይና ነጋዴዎችም አሉበት። ጆው ዳጉዋን የሚባል የቻይና መልእክተኛ እ.ኤ.አ. በ1296 እዛ ሄዶ አንድ ዓመት ገደማ ተቀምጦ ነበር፣ የጻፈው ነገር ዛሬም አለ፦ ንግዱን የሚያውቁት ሴቶቹ ናቸው፣ ሱቅ የለም፣ ምንጣፍ መሬት ላይ ያነጥፋሉ፣ ሁሉም የየራሱ ቦታ አለው፣ ለቦታውም ለሹም ኪራይ ይከፈላል። በቃ ሰኞ ገበያ ማለት ነው። ጋይድህ ግድግዳው ፊት ቆሞ ይሄን ሲነግርህና አንተ በስልክህ ስታነበው በጣም ይለያያል፣ ገንዘቡን የምትከፍለው ለዚህ ነው።

ስለ ወጪው። የአንድ ቀን መግቢያ 37 ዶላር፣ የሦስት ቀን 62 ነው። ጋይድና ኤሲ ያለው መኪና እያንዳንዳቸው ከ35 እስከ 60 ዶላር ይገመታሉ፣ ባጃጅ የሚመስለው ቱክቱክ ከያዝክ ያንሳል፣ አቧራው ግን አብሮ ነው። አስተውል፣ "ፕራይቬት ቱር ሙሉ ፓኬጅ" ብለው ዋጋ ሲጠሩልህ አብዛኛውን ጊዜ መግቢያው ውስጡ የለም፣ ቀድመህ ጠይቅ። ዶላሩንም ንጹሕ ንጹሑን ያዝ፣ ጫፉ የተቀደደ ኖት አይቀበሉህም፣ መርካቶ እንደምታውቀው ተለምኖ የሚታለፍ ነገር አይደለም።

የጉዞው ነገር፦ እ.ኤ.አ. በ2025 ታይላንድና ካምቦዲያ ድንበር ላይ ተታኩሰው የየብስ መሻገሪያው ተዘግቷል፣ ስለዚህ በአውቶቡስ እሻገራለሁ የሚለውን ተወው፣ በአውሮፕላን ከባንኮክ አንድ ሰዓት ገደማ ነው። ኤርፖርቱ እ.ኤ.አ. በ2023 የተከፈተ አዲስ ነው፣ ከከተማው ይርቃል፣ መንገዱ አንድ ሰዓት ይፈጃል፣ ደርሶ መልስ በአንድ ቀን ብለህ እንዳታስብ፣ ሁለት ሌሊት እደር። ከሁሉ በፊት ደግሞ የታይላንድ ቪዛህ ወጥተህ እንድትመለስ የሚፈቅድ መሆኑን እይ፣ እቃህ ባንኮክ ተቀምጦ አንተ ውጭ እንዳትቀር። የቢጫ ወባ ካርድህንም ፓስፖርትህ ውስጥ አድርገው፣ ከኢትዮጵያ የሚሄድ ሰው ይጠየቃል።

ጥያቄ፦ አሰላሙ ዓለይኩም። ከእናቴ ጋር ወደዛ አካባቢ የመሄድ ሐሳብ አለን፣ እሳቸው ጉልበታቸውን ያማቸዋል። ሙስሊም ነን፣ ሐላል ምግብ እንዴት ነው? አለባበስስ? ደግሞ የጣዖት ቤት ነው እያሉ ያስፈራሩናል። (ከኮምቦልቻ)

መልስ፦ ወዓለይኩሙ ሰላም እህቴ። አለባበሱ ለእናንተ ችግር አይደለም፣ የሚቸገሩት ሌሎቹ ናቸው፣ አንኮር ዋት ላይ ትከሻና ጉልበት ያልሸፈነ ሰው ወደ ላይኛው ፎቅ አይወጣም፣ ቁምጣ ለብሶ መጥቶ በር ላይ የሚመለስ ቱሪስት ሞልቷል። ያ ላይኛው ፎቅ ባካን ይባላል፣ ደረጃው ቀጥ ያለ ገደል ነው፣ አሁን ላዩ ላይ የእንጨት ደረጃና መደገፊያ ተሠርቶለታል እንጂ ያም ሆኖ ለእማማ አይሆንም፣ አንቺ ውጪና እሳቸው ከታች ጥላው ስር ይቀመጡ። ለጉልበታቸው የሚሻለው ከአንኮር ዋት ይልቅ ባንቴይ ስሬይ ነው፣ ራቅ ቢልም ትንሽዬ ናት፣ መሬቱ ሜዳ ነው። እ.ኤ.አ. በ967 የተመረቀች፣ ድንጋዩ ወደ ሮዝ የሚያደላ፣ ጥልፍ የምትወድ እናት እዛ ቅርጽ ፊት ትቆማለች ብዬ እገምታለሁ። ጋይድሽን ስትይዢ "እናቴ ብዙ አትራመድም" ብለሽ አስቀድመሽ ተናገሪ፣ መኪናው የትኛው በር ጋ እንደሚጠብቃችሁ የሚያስተካክለው እሱ ነው፣ አንኮር ዋትን በአንዱ በር ገብቶ በሌላው መውጣት ይቻላል፣ ያን ሁሉ መንገድ መመለስ የለባቸውም።

ምግቡ፦ ካምቦዲያ ውስጥ ቻም የሚባሉ ሙስሊሞች አሉ፣ ሲየም ሪፕም መስጊድ አለ፣ አካባቢው ላይ ሐላል ምግብ ቤት ታገኛላችሁ። ቤተ መቅደሶቹ አጠገብ ያሉት ቤቶች ግን የአሳማ ሥጋ አላቸው፣ ምሳችሁን ከተማ ብሉ። (የኦርቶዶክስ ጾመኞችም ብትሄዱ ሾርባው ሁሉ የዓሣ መረቅ አለበት፣ ፕራሆክ የሚሉት የተብላላ የዓሣ ድልህ ደግሞ ሽታው ራሱ ይናገራል፣ ለዓሣ የማትፈቅዱ ሩዝና አትክልት ብላችሁ አስረግጣችሁ እዘዙ።) ወሩን ከኅዳር እስከ የካቲት አድርጉት፣ ሚያዝያ ሙቀቱ ወደ 40 ዲግሪ ይጠጋል፣ የኮምቦልቻ ሰው ብትሆኚም አትፎክሪ።

ስለ ማስፈራራቱ፣ ጎብኚን ስገድ የሚለው የለም። ዕጣን ሊያስይዝሽ የሚጠጋ ሰው ካለ እጅሽን ደረትሽ ላይ አድርገሽ ማለፍ ነው፣ ወሎ ተወልዶ የሌላውን እምነት አክብሮ ማለፍ ለማያውቅ ሰው ካልሆነ በቀር ይሄ ከባድ አይደለም።

ጥያቄ፦ ላሊበላ አስጎብኚ ነኝ። ከጦርነቱ ወዲህ እንግዳ ቀዝቅዟል። እነዚህ ሰዎች ከኛ የባሰ ጦርነት አይተው እንዴት ተመለሱ? ጋይዶቻቸውስ ከኛ ምን ይለያሉ? (ከላሊበላ)

መልስ፦ ወንድም ዓለም፣ በአንድ ጊዜ አልተመለሱም። አንኮር ዩኔስኮ ሲመዘግበው እ.ኤ.አ. በ1992 አደጋ ላይ ያሉ ቅርሶች መዝገብ ውስጥም አብሮ ነው የገባው፣ ከዛ መዝገብ የወጣው በ2004 ነው፣ በመሐል ፈንጂ ማጽዳት ነበር። አንኮር ዋት ግድግዳ ላይ የጥይት ምልክት አሁንም አለ፣ አልደፈኑትም፣ ጋይዶቹ ያሳዩታል።

ባፉዎን የሚባል መቅደስ አላቸው፣ ፈረንሳዮች ሊጠግኑት እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ ፈታትተው 300 ሺህ ያህል ድንጋይ ቁጥር እየሰጡ ሜዳ ላይ ዘርግተውት ነበር፣ ክሜር ሩዥ የሚባለው ጨካኝ የኮሚኒስት አገዛዝ መጣና የቁጥሩ መዝገብ ጠፋ። የትኛው ድንጋይ የት እንደነበር እያሰሉ እ.ኤ.አ. በ1995 እንደገና ጀምረው በ2011 ጨረሱት። ጥሩ ጋይድ እዛ ሲያቆምህ የሚያወራህ ስለ ንጉሡ ብቻ አይደለም፣ ስለዚህ ነው፣ እንግዳው ያን ጊዜ ስልኩን ያስቀምጣል። ልዩነት ካልከኝ እዚህ ላይ ነው የማየው፣ የኛዎቹ ብዙ ጊዜ መላእክቱ በሌሊት ጠርበው አደሩ ከሚለው ጀምረን ዓመተ ምሕረት ላይ እንጨርሳለን፣ ድንጋዩ ከዛ በኋላ የደረሰበትን አንናገርም። ቤተ መድኃኔ ዓለም ስትገባ አፍሮ አይገባ መስቀል እ.ኤ.አ. በ1997 ተሰርቆ በ2001 እንዴት እንደተመለሰ ንገራቸው። እነሱ ባንቴይ ስሬይ ላይ አንድሬ ማልሮ የሚባለው ፈረንሳዊ እ.ኤ.አ. በ1923 ቅርጽ ነቅሎ ሲሄድ መያዙን፣ ኋላ ደግሞ የፈረንሳይ የባህል ሚኒስትር መሆኑን ሳይናገሩ አያልፉም፣ ሰዉ ይስቃል፣ ይናደዳል፣ ይጠይቃል።

ሌላ፣ ከእያንዳንዱ መግቢያ 2 ዶላር ካንታ ቦፋ ለሚባሉት የሕፃናት ሆስፒታሎች ይሄዳል፣ እዛ ሕክምናው በነፃ ነው። እንግዳ ይሄን ሲሰማ 37 ዶላሩን ሳያማርር ይከፍላል። ጋይዶቹ የመንግሥት ፈቃድና ባጅ አላቸው፣ ብዙዎቹ ያለ ድርጅት በግላቸው በስልክ ነው ሥራ የሚቀበሉት። ሸምገል ያሉት ክሜር ሩዥን በልጅነታቸው ያዩ ናቸው፣ ከሄድክ በዚህ ጉዳይ ራሳቸው ካልጀመሩ አትጠይቅ፣ አንተንም አንድ የማታውቀው እንግዳ ስለዛ የጦርነት ዓመት በጠዋት ቢጠይቅህ ደስ አይልህም።