ቱሊፑ ቅጠል ብቻ ሆኖ ቀረ፣ መቼ ነው የሚተከለው?

ሰላም ጋሼ፣ እንደምን አሉልኝ። የምኖረው ሲልቨር ስፕሪንግ ሜሪላንድ ነው። አምና ኦክቶበር ላይ በቅናሽ 30 ፍሬ የቱሊፕ አበባ ቡልብ (ሽንኩርት የሚመስለውን ስሩን) ገዛሁና በዚህ ብርድ ምን ይበቅላል ብዬ ኪችን ካቢኔት ውስጥ አስቀመጥኩት። ከዛ እናቴ ልታርሰኝ ከአዲስ አበባ መጣች፣ ኤፕሪል ላይ ፀሐይ ወጣ ሲል ግቢ ወርደን አብረን ተከልነው፣ እሷ ይሄማ ሽንኩርት ነው ሙቀትና ዝናብ ነው የሚፈልገው ብላ መደቡን በእጇ አለስልሳ በየቀኑ ታጠጣው ነበር። የወጣው ግን ቅጠል ብቻ ነው እሱም ጁን ላይ ደረቀ። የጎረቤቶቻችን ደጅ ቀይና ቢጫ ሆኖ እያየች "እጄ ለዚህ አገር አፈር አልሆነም" አለች፣ እንደዛው ሄደች፣ እስካሁን ይከነክነኛል። ለፋሲካ ተመልሳ ትመጣለች። መቼ ልትከለው? ኮተቤ ግቢዋ ወስዳ ብትተክለውስ ይይዛል?

መልስ

እህቴ እንኳን ማርያም ማረችሽ። የእናትሽ እጅ ምንም አልሆነም፣ ያጠፋው ካቢኔቱ ነው። ቱሊፕ ከመካከለኛው እስያ ተራሮች የመጣ ነው፣ እዛ ክረምቱ በረዶ በጋው ደረቅ ነው። አበባው ቡልቡ ውስጥ በበጋው አልቆ ተሰርቶ ተኝቷል፣ ግንዱን አርዝሞ እንዲወጣ ግን ከ12 እስከ 16 ሳምንት ብርድ ማግኘት አለበት። የናንተው ክረምቱን ሙሉ ሂተር በሚያሞቀው ቤት ከረመ፣ ብርዱን ሳያይ አፈር ገባ፣ ስለዚህ ቅጠል ብቻ ሰጣችሁ። እናትሽ ያለችው ለሽንኩርት ልክ ነው ለኛ አገርም ልክ ነው፣ ይሄኛው ግን ተገላቢጦሽ ነው፣ ሙቀት ሲመጣ ሳይሆን ሙቀት ሲሄድ ነው የሚተከለው።

ሱቆች ሴፕቴምበር ላይ መሸጥ ይጀምራሉ፣ ያኔ ግዢ ግን አትትከዪ፣ አፈሩ ገና ሞቃት ስለሆነ ይበሰብሳል ወይ በሽታ ይይዘዋል። በወረቀት ከረጢት አድርገሽ አየር የሚያገኝ ቀዝቃዛ ቦታ አቆዪው። ሜሪላንድ ላይ ትክክለኛው ጊዜ ከኦክቶበር መጨረሻ እስከ ኖቬምበር መጨረሻ ነው፣ በኛ አቆጣጠር ከጥቅምት አጋማሽ እስከ ህዳር ጽዮን በይው። የአፈሩ ሙቀት ከ60 ፋራናይት ወይም 15 ሴልሺየስ በታች ሲወርድ ማለት ነው። እኔ ሃሎዊን (ኦክቶበር 31) ካለፈ በኋላ ያለውን ሳምንት እመርጣለሁ። ቢዘገይብሽ እንኳን አፈሩ በረዶ ሆኖ እስካልደነደነ ድረስ ዲሴምበርም ትከዪው፣ ካቢኔት ከመመለስ ይሻላል።

ከ15 እስከ 20 ሳንቲሜትር ጥልቀት ቆፍሪ፣ ሹሉ ጫፍ ወደ ላይ፣ በመሀላቸው 10 ሳንቲሜትር ያህል ተዪ፣ ውሃ የማይቋጥር ፀሐይ ያለበት ቦታ ይሁን። አንዴ በደንብ ታጠጪዋለሽ፣ ከዛ እንደ እናትሽ በየቀኑ አያስፈልግም። ስኩዊረል ቆፍሮ ይበላዋል፣ ይሄን አደራ እንዳትረሺ፣ ከላይ የዶሮ ቤት ሽቦ አንጥፊበት። አጋዘን በሚመጣበት ሰፈር ከሆነ አበባውን ራሱ ስለሚበላ ከተቻለ አጥር ውስጥ ትከዪ። ያምናዎቹ ደክመዋል፣ በነሱ አትተማመኚ፣ አዲስ ግዢ።

የኮተቤው ግን ይከብዳል። አዲስ አበባ ህዳርና ታህሳስ ሌሊቱ ቢበርድም ቀኑ ሞቃት ነው፣ አፈሩ ለቱሊፕ የሚበቃውን ያህል አይቀዘቅዝም። ፍሪጅ ውስጥ ከ12 ሳምንት በላይ አቆይቶ መትከል ይቻላል፣ ሲቆይ ግን አጠገቡ ፖም ወይ ሌላ ፍራፍሬ እንዳይኖር፣ ከፍራፍሬው የሚወጣው ጋዝ ውስጥ ያለውን አበባ ይገድለዋል። ያን ሁሉ ተደክሞም አንዴ ያብባል እንጂ ለከርሞ አትጠብቂው። ተክል ይዞ ለመግባትም የተክል ጤና ሰርተፍኬት ስለሚጠየቅ ሻንጣ ውስጥ ዝም ብለሽ አትክተቺው። ለእናትሽ ግቢ እኔ ብሆን ግላዲዮለስ የሚባለውን አበባ ነው የምመርጠው፣ እሱም ከስር ነው የሚበቅለው፣ ብርድ አይፈልግም፣ የኮተቤ አየር ይስማማዋል።

ሜሪላንድ ላይ አብዛኛው ቱሊፕ የሚያብበው ኤፕሪል ነው፣ ስለዚህ ትኬቷን ስትቆርጪ ይሄን አስቢበት። ከዛ በፊት ግን ዛሬውኑ ደውለሽ እማማን ጥፋቱ የእጃቸው እንዳልነበረ ንገሪያቸው።