ለነሐሴው ዲስኒ ሰኔ ላይ ተዘጋጂ

ሰላም እህቴ። በነሐሴ ልጆቹን ይዘሽ ፍሎሪዳ፣ ኦርላንዶ ወዳለው የዲስኒ ወርልድ መዝናኛ ስትሄጂ ምግብ ቤት ቀድሞ መያዝ ግድ ነው ወይ ብለሻል። ሁሉንም አይደለም። ልጆቹ የሚጓጉለትን አንድ ሁለቱን ግን ቀድመሽ ያዢ።

ቦታ መያዝ የሚቻለው ከ60 ቀን በፊት ጀምሮ ነው። በእኛ ካላንደር ሒሳቡ ቀላል ነው፤ ነሐሴ 10 ለመብላት ሰኔ 10 ላይ ትይዣለሽ። ኢንተርኔት ላይ የሚከፈተው በፍሎሪዳ ንጋት 12 ሰዓት ነው፤ ያኔ ሐዋሳ ከቀኑ 7 ሰዓት ይሆናል። እኛ ይህን ሳናሰላ ማታ ልጆቹን አስተኝተን ገባን። ልጄ የተመኘችው፣ ቤተ መንግሥቱ ውስጥ ያለው የሲንደሬላ ምግብ ቤት ሞልቶ ጠበቀን። በጣም አዘንኩ። ግን ተስፋ አልቆረጥኩም፤ ጠዋት ቡና እስኪፈላ ስልኬን እያየሁ ቆየሁ፣ አንድ ቀን የተሰረዘ ቦታ አገኘሁ። ስነግራት እየዘለለች አቀፈችኝ።

አብዛኞቹ የባንክ ካርድ ይጠይቃሉ። ሳትሰርዢ ከቀረሽ ያስከፍሉሻል። ፓርኩ ውስጥ ላለ ምግብ ቤት ደግሞ የመግቢያ ትኬት ለብቻው ያስፈልጋል። ቡፌ ከሆነ ከ3 ዓመት በታች ላለ ልጅ አይከፈልም፤ ቦታ ስትይዢ ግን ትንሹንም ቁጠሪው።

ፍልሰታን የምትጾሙ ከሆነ ደግሞ አይጨንቅሽ። ከዕፅዋት ብቻ የተሠራው ምግብ ሜኑው ላይ በምልክት ተለይቷል። ስትይዢም ሆነ ስታዢ እንቁላልና ቅቤ እንደማትበሉ ንገሪያቸው።