በሙቀት ብክለት ላይ ለመሥራት፦ ንድፈ ሐሳቡን አውቀሽዋል፣ አሁን መለካት ተማሪ

ውድ ጠያቂያችን፣

የላክሽልን ጥያቄ ባጭሩ ይህ ነው። በባዮሎጂ የመጀመሪያ ዲግሪሽን ልትጨርሺ ተቃርበሻል። የመመረቂያ ጽሑፍሽ ከኃይል ማመንጫና ከፋብሪካ የሚለቀቅ ሙቅ ውሃ በዓሣና በሌሎች የውሃ ፍጥረታት ላይ ስለሚያደርሰው ጉዳት ነው፤ የሠራሽውም ከመጻሕፍት አጠናቅረሽ ነው። በዚህ ዘርፍ ሥራ ይገኛል ወይ፣ በቀጥታ ማስተርስ ልግባ ወይስ መጀመሪያ ሥራ ልፈልግ፣ ቃለ መጠይቅ ላይስ ምን ይጠይቁኛል ብለሻል።

ሥራው አለ፤ ነገር ግን «የሙቀት ብክለት ባለሙያ» የሚል ማስታወቂያ አትጠብቂ። በሌላ ስም ነው የሚወጣው፦ የውሃ ጥራት ክትትል ባለሙያ፣ የአካባቢ ተጽዕኖ ግምገማ ረዳት፣ በኃይል ማመንጫ ውስጥ የአካባቢ ጥበቃ ኦፊሰር፣ የዓሣ ሀብት ባለሙያ። ሁሉም ዘንድ የሚፈለገው ችሎታ አንድ ነው፤ የታየው ጉዳት በእርግጥ ከሙቀቱ የመጣ መሆኑን ከሌሎች ምክንያቶች ለይቶ በልኬት ማሳየት። ሙቀት ዓሣን ይጎዳል ማለትማ ማንም ይችላል።

ቃለ መጠይቅ ላይ ወረቀትና እርሳስ ሰጥተው የሙቀት ስሌት ሊያሠሩሽ ይችላሉ፤ የባዮሎጂ ተመራቂዎች አብዛኛውን ጊዜ የሚሰናከሉት እዚህ ላይ ነው። አንድ ሜትር ኪዩብ ውሃ በ1 ዲግሪ ሴንቲግሬድ እንዲሞቅ 4.18 ሜጋጁል ያህል ይፈልጋል። 1000 ሜጋዋት ኤሌክትሪክ የሚያመነጭ የኒውክሌር ጣቢያ ከሚያገኘው ሙቀት ወደ ኤሌክትሪክ የሚለውጠው ሲሶውን ገደማ ስለሆነ፣ 2000 ሜጋዋት ያህሉ ወደ ማቀዝቀዣው ይሄዳል። ውሃው አንዴ ብቻ አልፎ በ10 ዲግሪ ሞቆ የሚወጣ ከሆነ በሰከንድ 48 ሜትር ኪዩብ ገደማ መሳብ አለበት። ወንዙ በሰከንድ 240 ሜትር ኪዩብ በሚፈስበት ወቅት ይህ ሙቀት ሙሉ በሙሉ ሲደባለቅ ወንዙን በ2 ዲግሪ ያሞቀዋል። ወንዙ በድርቅ ወደ 80 ሲወርድ ግን ያው ሙቀት 6 ዲግሪ ይሆናል። የዓለም ባንክ ቡድን አባል የሆነው የዓለም አቀፉ ፋይናንስ ኮርፖሬሽን የ2007 አጠቃላይ መመሪያ ፍሳሹ በመቀላቀያ ቀጠናው (ፍሳሹ ከወንዙ ጋር እንዲደባለቅ በተተወለት ስፍራ) ጫፍ ላይ የውሃውን ሙቀት ከ3 ዲግሪ በላይ እንዳይጨምር ይላል። እንግዲህ ያው ጣቢያ፣ ያንኑ ያህል ኃይል እያመነጨ፣ በአንድ ወቅት መመሪያውን የሚያከብር በሌላው የሚጥስ ሊሆን ነው። ድርቅና የአየር ሙቀት ደግሞ ብዙውን ጊዜ አብረው ስለሚመጡ፣ ክፉው ወር ወንዙ ራሱ ሞቆ የሚጠብቅበት ወር ነው።

ወደ ሕይወቱ ስንመጣ ሁሉም አመልካች የሚያነሳው ኦክስጅንን ነው። ልክ ነው፤ በባሕር ወለል ከፍታ ላይ ያለ ጨዋማ ያልሆነ ውሃ በ20 ዲግሪ በሊትር እስከ 9.1 ሚሊግራም ኦክስጅን ሲይዝ፣ በ30 ዲግሪ 7.6 ብቻ ነው የሚይዘው። ይህ ቅናሽ ለብቻው ግን ብዙ ዓሦችን አያፍንም። አደጋው ከሁለት ወገን መጨመቁ ላይ ነው። የሰውነት ሙቀታቸውን ከውሃው የሚያገኙ እንስሳት ሙቀቱ በ10 ዲግሪ ሲጨምር የኦክስጅን ፍጆታቸው እጥፍ ወይም ከዚያ በላይ ይሆናል፤ ቆሻሻ የሚያብላሉ ባክቴሪያዎችም እንዲሁ። አሞኒያን ካነሳሽ ደግሞ ጠያቂዎቹ ቀና ማለታቸው አይቀርም። ፒኤቹ (የአሲድነት መለኪያው) 8 በሆነ ውሃ ውስጥ ከጠቅላላው አሞኒያ መርዛማው ክፍል በ20 ዲግሪ ከ4% በታች ነው፤ በ30 ዲግሪ ከ7% ያልፋል። አንድ ጠብታ አሞኒያ ሳይጨመር መርዙ ወደ እጥፍ ይጠጋል ማለት ነው።

«የሞተ ዓሣ አልታየምና ጉዳት የለም» የሚል ሪፖርት ሲያጋጥምሽ አትቀበዪ። መዋኘት የሚችል ዓሣ ሙቀቱን ሸሽቶ ይሄዳል፤ የቀረው ደግሞ እየበላም ላያድግ፣ እያደገም በጊዜው እንቁላል ላይጥል ይችላል። እጫቸው ውሃ ውስጥ የሚያድግ ነፍሳት ውጭው ገና ብርድ ሳለ ቀድመው ይወጣሉ። ብዙዎች የሚረሱት ሌላም አለ፤ በክረምቱ ቅዝቃዜ ዓሦች ሞቃቱ ፍሳሽ አጠገብ ይሰበሰባሉ፣ ጣቢያው በድንገት ሲቆም ውሃው በሰዓታት ውስጥ ይቀዘቅዝና ድንገተኛው ቅዝቃዜ ይፈጃቸዋል። ከግድብ ሥር የሚለቀቅ ቀዝቃዛ ውሃም የሙቀት ብክለት ነው፤ በበጋ ታች ያሉትን ዓሦች የመራቢያ ጊዜ ያዘገያል፣ አብዛኛውን ጊዜም ኦክስጅኑ ያነሰ ነው።

ከሁሉም የሚከብደው ሙቀቱን ከአጃቢዎቹ መለየት ነው። በማቀዝቀዣው ቱቦ ውስጥ የሚበቅሉ ፍጥረታትን ለማጥፋት ክሎሪን ይጨመራል። ውሃ መሳቢያው ላይ ያለው ወንፊት ዓሣ ያጣብቃል። ወንፊቱን የሚያልፉት እንቁላሎችና ጫጩቶች በፓምፑ ይመታሉ፣ ኮንደንሰሩ (የጣቢያው እንፋሎት በውሃው የሚቀዘቅዝበት ክፍል) ውስጥ ይሞቃሉ፣ በክሎሪኑም ይመረዛሉ። መውጫው ላይ የተገኘን ሞት ሁሉ በሙቀት ማሳበብ ስለዚህ አይቻልም። የክሎሪን መጨመሪያ ሰዓቶችን መዝገብ ጠይቂና ከሙቀት ሰንጠረዡ ጋር ጎን ለጎን አስቀምጪ።

ይህን ሁሉ ማወቅሽን የሚያሳየው በእጅሽ የሠራሽው ትንሽ ጥናት ነው። ሳትመረቂ ጀምሪው። ሙቅ ፍሳሽ የሚገባበት ውሃ ፈልጊና ፈቃድ ጠይቂ፤ ካጣሽ ዛፉ የተቆረጠበት የወንዝ ዳር ወይም የአስፋልት ጎርፍ የሚወርድበት ጅረት ይበቃል፤ እነዚህም ውሃን ያሞቃሉ። ቢያንስ አራት የሙቀት መመዝገቢያ ያስፈልግሻል፦ አንዱ ከመውጫው በላይ፣ አንዱ መውጫው ላይ፣ ሁለቱ በተለያየ ርቀት ወደ ታች። ሙቅ ውሃ ስለሚንሳፈፍ ጥልቅ ቦታ ላይ አንዱን ከላይ ሌላውን ከሥር እሰሪ። በየ15 ደቂቃው እንዲመዘግቡ አድርጊ። ከመውጣትሽ በፊት የተፈጨ በረዶ ከጥቂት ውሃ ጋር ቴርሞስ ውስጥ አድርገሽ መሣሪያዎቹን ክተቺ፤ እያማሰልሽ ግማሽ ሰዓት ጠብቂ። ንባቡ ከዜሮ የአምራቹ ስህተት ከሚፈቅደው በላይ፣ በአብዛኛው 0.2 ዲግሪ፣ ከራቀ ያንን መሣሪያ ተዪው። ጥልቀት በሌለው ውሃ ፀሐይ በቀጥታ ካረፈችበት መሣሪያው ከውሃው በላይ ይሞቃል፤ ስለዚህ የተበሳሳ ነጭ የፕላስቲክ ቱቦ ውስጥ አስገቢውና በክብደት አስጥመሽ እሰሪው። ፋይሉን ስትከፍቺ የቀንና የሌሊቱ ልዩነት በድንገት ከሰፋ ውሃው ጎድሎ መሣሪያው አየር ላይ ቀርቷል ማለት ነው፤ ያንን ክፍል ምክንያቱን ጽፈሽ አውጪው። ጥሬውን ፋይል ግን አትንኪው።

የሟሟ ኦክስጅንን በሥራ ሰዓት ብቻ መለካት የተለመደ ስህተት ነው። ዝቅተኛው የሚገኘው ጎህ ሊቀድ ሲል ስለሆነ አንዴ ያኔ፣ አንዴ ከሰዓት በኋላ ለኪ፤ መለኪያውንም በቦታው የአየር ግፊት አስተካክዪ። የወንዝ ወለል ነፍሳትን ስትሰበስቢ በየመለኪያ ጣቢያሽ ተመሳሳይ ስፋትና ተመሳሳይ ደቂቃ ተጠቅመሽ ከሦስት እስከ አምስት ጊዜ ድገሚ። ላይኛው ጣቢያሽ የረጋ ገንዳ፣ ታችኛው ድንጋያማ ፈጣን ውሃ ከሆነ ያገኘሽው ልዩነት የመኖሪያው እንጂ የሙቀቱ አይደለም። ከተቻለ ፍሳሹ ከመጀመሩ በፊት የነበረውንም መረጃ ፈልጊ፤ በፊትና በኋላ፣ ፍሳሹ ከማይደርስበት ማነጻጸሪያ ጣቢያ ጋር ተያይዞ የሚደረግ ጥናት ከሁሉም ይበልጥ ይታመናል።

የዓሣን የሙቀት መቋቋሚያ ጣሪያ የሚለካውን የላቦራቶሪ ሙከራም ይጠይቁሽ ይሆናል። ውሃውን በደቂቃ ለምሳሌ 0.3 ዲግሪ እያሞቁ ዓሣው ሚዛኑን የሚስትበትን ሙቀት መመዝገብ ነው። ዓሣው አስቀድሞ የለመደው ሙቀት ካልተጻፈ ውጤቱ ዋጋ የለውም፤ ሙቀት የለመደ ዓሣ ከፍ ያለ ጣሪያ ያሳያልና። ይህ ቁጥር የፈቃድ ገደብ መሆን እንደማይችልም ተናገሪ፤ ዓሣው መብላትና መራባት የሚያቆመው ከዚያ በእጅጉ ዝቅ ባለ ሙቀት ነው።

ማስተርሱን በተመለከተ፣ የእኛ አቋም መጀመሪያ አንድ ሁለት ወቅት መስክ ላይ ሥሪ ነው። ያኔ የውሃ ፍሰት ሞዴል ወይስ የዓሣ ፊዚዮሎጂ እንደሚስብሽ ታውቂያለሽ፤ ሁለቱ ደግሞ የሚፈልጉት ዝግጅት በጣም ይለያያል፣ የመጀመሪያው ጠንካራ ሒሳብ ይጠይቃል። የመስክ ሥራ ያለበት የትምህርት ዕድል ደጅሽ ከመጣ ግን አትለፊው። እስከዚያው አር የተባለውን የስታቲስቲክስ ፕሮግራም ልመጂ፣ የካርታ ሶፍትዌር ልመጂ፣ ውሃ ዋናም ተማሪ።

ሲቪሽ ላይ «የሙቀት ብክለት ተጽዕኖን አጥንቻለሁ» ከማለት ስንት የመለኪያ ጣቢያ፣ ስንት ወር፣ በየስንት ደቂቃ እንደመዘገብሽና መሣሪያዎቹን እንዴት እንደፈተሽሽ ጻፊ። ቃለ መጠይቁ መጨረሻ ላይ ጥያቄ አለሽ ወይ ሲሉሽ፣ በድርጅቱ ፈቃድ ላይ የተቀመጠው ገደብ የሚለካው መውጫው ላይ ነው ወይስ በመቀላቀያ ቀጠናው ጫፍ፣ በሰዓት አማካይ ነው ወይስ በቀን ብለሽ ጠይቂ። በቀን አማካይ ከሆነ ከሰዓት በኋላ ያለው ጫፍ በሌሊቱ ቅዝቃዜ ይሸፈናል፤ ዓሣው ግን የሚኖረው በዚያ ጫፍ ውስጥም ነው።