መምህር፣ ከባንክ ተበድሬ ቤት ብገዛ ኃጢአት ይሆንብኛል?

ጥያቄ፦ መምህር፣ ሰላመ እግዚአብሔር ይብዛልዎ። የምኖረው ድሬዳዋ፣ ሳቢያን ነው። የጅቡቲ መስመር ሹፌር ነኝ፤ ባለቤቴ አስተማሪ ናት። ሁለት ልጆች አሉን። 11 ዓመት በኪራይ ኖረናል፤ አከራያችን በየዓመቱ ይጨምራል። አሁን ደላላ አንድ ቤት አሳይቶኝ ወደድኩት። ያጠራቀምነው አለ፤ 1 ሚሊዮን ብር ግን ይጎድለኛል። ባንክ በ15 በመቶ ወለድ፣ በ20 ዓመት የሚከፈል ሊያበድረኝ ነው። በወር 13 ሺህ ምናምን ብር ነው ብለውኛል። እናቴ ደግሞ “መያዣ ካነሰህ የእኔን ቤት አስይዝ” አለችኝ። ሙስሊም ጎረቤቴ “ወለድ በእኛ ሐራም ነው፤ በእናንተስ?” ብሎ ቢጠይቀኝ መልስ አጣሁ። ወለድ እየከፈልኩ ሥጋ ወደሙ መቀበል እችላለሁ? ዕዳው እስኪቀል አስራቴን ባቆምስ? ቤቱ ከተሳካልኝ ብዬ ለቁልቢ ገብርኤል ተስያለሁ። ለባለቤቴ አልነገርኳትም፤ ፈርሜ ላስደንቃት ነው ያሰብኩት።

መልስ፦ ወንድሜ፣ ሰላም ላንተም ለቤትህም ይሁን። ደብዳቤህን ደጋግሜ አነበብኩት። 11 ዓመት በሰው ቤት ልጅ ማሳደግ ምን እንደሚመስል አውቃለሁ። ልጅ ግድግዳ ላይ ሲጽፍ አከራይ እንዳያይ መደንገጥ አለ። ስለዚህ ቤት መመኘትህን ስግብግብነት አልለውም። የጻፍክልኝ ግን ብዙ ጥያቄ ነው፤ ከባዱን መጨረሻ ላይ አደረግከው። እደርስበታለሁ።

ከኃጢአቱ እንጀምር። መጽሐፍ ቅዱስ አራጣን አጥብቆ ይከለክላል። ኦሪት ዘጸአት 22፥25ን አውጣና ማን ማንን እንደሚያዝ ተመልከት። እግዚአብሔር የሚናገረው ለአበዳሪው ነው። ለድሀው ስታበድር አታስጨንቀው፣ አራጣ አትጫንበት ይለዋል። ዳዊትም በመዝሙር 14 በእግዚአብሔር ድንኳን የሚያድረው ማን እንደሆነ ሲዘረዝር፣ ገንዘቡን በአራጣ የማያበድረውን ቆጥሮታል። ነህምያ ምዕራፍ 5ን ደግሞ ከባለቤትህ ጋር ሆነህ አንብበው። ሕዝቡ በረሃብ ዘመን እርሻውን፣ ወይኑንና ቤቱን አስይዞ እህል ገዛ። ልጆቹን ለባርነት እስከመስጠት ደረሰ። ነህምያ ይህን ሲሰማ የተቆጣው በተበደሩት አይደለም። ታላላቆቹንና ሹማምንቱን ጠርቶ ገሠጻቸው፤ ቤታቸውንም እርሻቸውንም መልሱላቸው አላቸው።

በ325 ዓ.ም. በኒቅያ የተሰበሰቡት አባቶችም በ17ኛው ቀኖና በወለድ የሚያበድሩ ካህናትን ከሹመታቸው እንዲሻሩ ወስነዋል። እዚህም ላይ ፍርዱ በሰጪው ላይ ነው።

‘ወለድ’ የሚለውን ቃል ራሱን ልብ በለው። ገንዘብ ገንዘብ ወለደ ማለት ነው። በግሪክኛም ለወለድ የሚሰጠው ስም የተወለደ፣ ልጅ የሚል ትርጉም አለው። ታላቁ ቅዱስ ባስልዮስ መዝሙር 14ን ሲያስተምር ከዚሁ ቃል ተነሥቶ አበዳሪዎችን ወቅሷቸዋል። ተበዳሪውንም ግን በዝምታ አላለፈውም። እንቅልፍህን ታጣለህ፣ ወር በመጣ ቁጥር ትደነግጣለህ፣ ባለህ መኖር ከቻልክ አትግባበት ይለዋል። የእኔም ምክር ከዚህ አይርቅም።

እንግዲህ መልሴ ይህ ነው። መጠለያ ለማግኘት ተበድሮ ወለድ የሚከፍል ሰው አራጣ በላ አይባልም። ይህ ብቻውን ከሥጋ ወደሙ አያርቅህም። ይሁን እንጂ ሕይወትህን በቅርብ የሚያውቀው የንስሐ አባትህ ነውና ጉዳዩን ለእርሱም ንገር። ለጎረቤትህም ይህንኑ መልስለት፤ ጥሩ ጥያቄ ነው የጠየቀህ። በወለድ ገንዘብህን የምታበድረው አንተ ብትሆን ኖሮ ግን ሌላ ደብዳቤ እጽፍልህ ነበር።

አሁን እኔን ወዳስጨነቀኝ ልምጣ። “በወር 13 ሺህ ምናምን” ብለሃል። ያቺ “ምናምን” አስደነገጠችኝ። ሃያ ዓመት የሚያስርህን ነገር በምናምን ነው የያዝከው።

ጌታ በሉቃስ 14፥28 ግንብ ሊሠራ የሚወድ ሰው “አስቀድሞ ተቀምጦ ኪሳራውን የማይቆጥር ማን ነው?” ይላል። ተቀምጦ የሚለውን አስምርበት። ደላላ እያጣደፈው አላለም። ና አብረን እንቀመጥና እንቁጠር።

1 ሚሊዮን ብር በ15 በመቶ ስትበደር፣ በ20 ዓመት ለመጨረስ በወር 13,168 ብር ገደማ ትከፍላለህ። ወለዱ የሚታሰበው በየወሩ በቀረው ዕዳ ላይ ነው። በመጀመሪያው ወር ዕዳህ 1 ሚሊዮን ስለሆነ ወለዱ 12,500 ብር ይሆናል። ከከፈልከው ላይ ዋናውን ዕዳ የሚቀንሰው የቀረው 668 ብር ብቻ ነው። በሁለተኛው ወር ወለዱ ወደ 12,492 ብር ይወርዳል። በስምንት ብር ብቻ ቀነሰ ማለት ነው። የመጀመሪያው ዓመት ሲያልቅ 158 ሺህ ብር ከፍለህ ዕዳህ የሚቀንሰው በ8,600 ብር ገደማ ነው።

አሥር ዓመት ሲሞላህ 1 ሚሊዮን 580 ሺህ ብር ከፍለሃል። የተበደርከውን ከነትርፉ መለስክ ብለህ ታስባለህ። ባንክ ሄደህ ብትጠይቅ ግን 816 ሺህ ብር ይቀርሃል ይሉሃል። ይህን ስሌት መጀመሪያ ስሠራው የተሳሳትኩ መስሎኝ እንደ አዲስ ጀመርኩት። አልተሳሳትኩም። ዕዳው ገና ግማሽ የሚሆነው ከ15 ዓመት ከስምንት ወር በኋላ ነው። በሃያኛው ዓመት መጨረሻ ጠቅላላ የከፈልከው ወደ 3 ሚሊዮን 160 ሺህ ብር ይደርሳል። ከዚህ ውስጥ ወለዱ ብቻ 2 ሚሊዮን 160 ሺህ ነው። ደላላው የነገረህ የቤቱን ዋጋ እንጂ ይህን አይደለም።

ይህን የምነግርህ ላስፈራህ አይደለም። ኪራይም ገንዘብ ይበላል፤ በየዓመቱም ይጨምራል፤ ሃያ ዓመት ከፍለህበት ቁልፉ የአከራዩ ነው። የብር አቅምም እየወረደ ሲሄድ ዛሬ የሚከብድ ክፍያ ከአሥር ዓመት በኋላ ሊቀል ይችላል፤ ይህ የሚሆነው ግን ገቢህ አብሮ ካደገ ነው። ስለዚህ ብድሩን ተው አላልኩህም። ቁጥሩን አይተህ ግባ ነው ያልኩህ።

የሚያቀልልህ ነገርም አለ። ያንኑ 1 ሚሊዮን በ15 ዓመት ብትከፍለው ወርሃዊው 13,996 ብር ይሆናል። ልዩነቱ 828 ብር ነው። ጠቅላላው ግን ወደ 2 ሚሊዮን 519 ሺህ ይወርዳል፤ ከ640 ሺህ ብር በላይ ታተርፋለህ። ወይም የ20 ዓመቱን ፈርመህ ከመጀመሪያው ጀምሮ በየወሩ 1 ሺህ ብር ብትጨምርበት፣ በ14 ዓመት ተኩል ገደማ ትጨርሳለህ። እቁብ ሲደርስህም የተወሰነውን ወደ ዕዳው አስገባ። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት የምትጨምረው ብር ከኋለኛው ይልቅ ብዙ ወለድ ይቆርጥልሃል። ከዚያ በፊት ግን ሁለት ነገር ጠይቅ። ቀድሞ መክፈል ቅጣት አለው ወይ? የጨመርኩት ብር ከዋናው ዕዳ ላይ ይቀነሳል ወይ? መልሱን ከሠራተኛው አፍ ብቻ አትቀበል፤ ውሉ ላይ አሳየኝ በለው። የሃያውን ዓመት የአከፋፈል ሰንጠረዥም አትሞ እንዲሰጥህ ጠይቅ።

ውሉ ላይ ባንኩ ወለዱን መቀየር ይችላል የሚል አንቀጽ ካለ ቆም ብለህ አንብበው። ገና ከመጀመሪያው 17 በመቶ ቢሆንብህ ኖሮ ወርሃዊው ወደ 14,668 ብር ይደርስ ነበር። 1,500 ብር ተጨማሪ ማለት ነው። ለሹፌር ቤት ይህ የአንድ ልጅ የትምህርት ቤት ክፍያ ሊሆን ይችላል። የቤት ግምት፣ የመያዣ ምዝገባ፣ የስም ማዛወሪያ፣ የቴምብር ቀረጥና የመድን ክፍያም አሉ። እነዚህን የምትከፍለው ገና በሩን ሳትከፍት ስለሆነ ያጠራቀምከውን ሁሉ ለሻጩ አትስጥ።

ስለ መድን ካነሣን፣ በ1998 ዓ.ም. ክረምት የደቻቱ ወንዝ ሌሊት ሞልቶ ቤት ከነሰዉ ሲወስድ ድሬ አይታለች። ቤት ሲፈርስ ዕዳው አብሮ አይፈርስም። አንተ ደግሞ መንገድ ላይ የምትውል ሰው ነህ። እግዚአብሔር ይጠብቅህ፤ ግን አንድ ነገር ብትሆን ቀሪውን ዕዳ መድኑ ይከፍላል ወይስ ለባለቤትህ ይቀራል? ይህንንም በጽሑፍ እወቅ።

የገቢህንም ነገር በእውነት መርምር። መኪናው ጋራዥ የገባበትን ወር አስታውስ። ደወሌ ድንበር ላይ የቆምክባቸውን ቀናት ቁጠር። ባንክ መኪናህ ተበላሽቷል ብሎ ወሩን አያልፍልህም። ስለዚህ ወርሃዊውን ከጥሩ ወርህ ጋር ሳይሆን ከመጥፎ ወርህ ጋር አስተያየው። የስድስት ወር ክፍያ የሚሆን ገንዘብ ለብቻው ሳታስቀምጥ አትፈርም። በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት ባንክ ዕዳው በጊዜው ካልተከፈለው፣ በውላችሁ በተስማማችሁት መሠረት የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ፍርድ ቤት ሳይሄድ በመያዣ የያዘውን ቤት በሐራጅ መሸጥ ይችላል። የሽያጩ ገንዘብ ካልበቃ ቀሪው ዕዳ አንተው ላይ ነው።

ለዚህ ነው የእናትህን ቤት አትንካው የምልህ። እናት ናትና “አስይዝ” ትላለች። ምሳሌ 22፥26 እና 27 ለሰው ዕዳ ዋስ የሚሆኑትን ሲያስጠነቅቅ፣ የምትከፍለው ባይኖርህ ከበታችህ ምንጣፍህን ለምን ይወስድብሃል ይላል። በእርጅናዋ ምንጣፏ እንዲወሰድ አታድርግ። የእሷ ቤት ካልተጨመረ ብድሩ የማይሰጥህ ከሆነ፣ ቤቱ ከአቅምህ በላይ ነው ማለት ነው። አነስ ያለ ፈልግ።

ጎረቤትህ የሚያውቀው ወለድ አልባ የሚባለው አገልግሎትም በባንኮች አለ። ባንኩ ቤቱን ገዝቶ፣ ትርፉን አስቀድሞ ቆርጦ በረጅም ጊዜ ክፍያ ይሸጥልሃል። አንተ ብትጠቀምበት እምነትህን አያጎድልም። ግን ስሙ አያታልልህ፤ ትርፉም ሊበዛ ይችላል። ጠቅላላ የምትከፍለውን ጠይቅና ከ3 ሚሊዮን 160 ሺህ ጋር አስተያየው።

አስራቱን አታቁም። ሂሳቡ የሚሞላው አስራት ሲቀር ብቻ ከሆነ ቤቱ ውድ ነው። ችግር ቢገጥምህ ግን ሳትሸማቀቅ ለንስሐ አባትህ ንገረው።

የሹፌር ልብ ወደ ቁልቢ ቅርብ እንደሆነ አውቃለሁ። ስለትህ ያማረ ነው። ቅዱስ ገብርኤል ያማልድሃል፤ ውሉን ግን ማንበብ ያለብህ አንተ ነህ። ብድሩ ተፈቀደልኝ ማለትም ስለቴ ሠመረ ማለት ነው ብለህ አትቸኩል። ባንክ የሚያበድረው መያዣህን አይቶ ነው።

ወደ ባለቤትህ ደረስኩ። ማስደነቅ ብለሃል፤ ልብህ ደግ ነው። ነገር ግን አንድ ሥጋ ናችሁ። ሃያ ዓመት ስትከፍሉ እሷም ትከፍላለች። ያልገዛችው ልብስ፣ ያልሄደችበት ትምህርት፣ ልጆቹ ታመው ከየት እንደሚመጣ ስታስብ የምታድርበት ሌሊት፣ ይህ ሁሉ ባንኩ ሰንጠረዥ ላይ የለም። ይህን ዋጋ ልትቆጥር የምትችለው እሷ ናት። አስተማሪም ናት፤ ከእኔ የተሻለ ታሰላ ይሆናል። ምናልባት “ሁለት ዓመት እንታገሥና 600 ሺህ ብቻ እንበደር” ትልህ ይሆናል። ዛሬ ማታ ልጆቹ ሲተኙ ይህን ጽሑፍና አንድ ባዶ ወረቀት ይዘህ አጠገቧ ተቀመጥ።

ለታኅሣሥ 19 ቁልቢ ስትወጣ እሷንም ይዘሃት ውጣ። እስከዚያ ውሉን አትፈርም። ደላላው ቢቸኩልብህም አትፈርም።