በአንደኛው የዓለም ጦርነት ከዓረቦች ጋር የተዋጋውን እንግሊዛዊ መኮንን፣ «የዓረቢያው ሎረንስ»ን፣ በካሜራ የቀረጸው ሎውል ቶማስ ራሱ ነው ወይ ላልከው

አይደለም ወንድሜ። ካሜራውን የያዘው ሃሪ ቼስ ነው። ስለዚህ ከምስሉ ሥር «ፎቶ፦ ሎውል ቶማስ» ብለህ አትጻፍ፤ የቼስን ስም አስገባ። ሰውየው ብዙ ለፍቶ ስሙ ተረስቷል፣ ያሳዝናል።

ቶማስ ከመነሻው ጋዜጠኛ ነው። ኮሎራዶ ውስጥ ክሪፕል ክሪክ በምትባል የወርቅ ከተማ፣ ቀጥሎም ቺካጎ ጋዜጣ ላይ ሠርቷል። በ1917 እ.ኤ.አ. ቼስን ይዞ ያን ጦርነት ሊቀርጽ አውሮፓ ሄደ። ከዚያ ወደ ፍልስጤም አቀና። ከሎረንስ ጋር የተዋወቀው ኢየሩሳሌም ውስጥ ነው።

«ዶክመንተሪ ሠራ» ስትል ግን አብራራው። በ1919 ለንደን ላይ ስለ ሎረንስ ያሳየው ዛሬ ፊልም ስንል የምናስበው ዓይነት አይደለም። ፊልሙ ድምፅ አልባ ነው። በመሃል በእጅ ቀለም የተቀቡ ስላይዶች ይገባሉ። ቶማስ ደግሞ መድረክ ላይ ቆሞ በቃሉ ይተርካል፤ ሕዝቡን የያዘው እሱ ትረካ ነው። ድምፁን በየሲኒማ ቤቱ ሰው የለመደው ኋላ፣ የፎክስ ሙቪቶን ዜና ፊልም ተራኪ ሲሆን ነው።

አንድ ነገር ተጠንቀቅ። እኔ አንድ ጊዜ የሎረንስን ፎቶ «በረሃ ላይ የተነሳ» ብዬ አውጥቼ ማረም ግድ ሆኖብኛል። ሎረንስ የዓረብ ልብሱን ለብሶ ለንደን ውስጥም ለቼስ ካሜራ ቆሟል። መጀመሪያ ከኋላው ያለውን እይ። አሸዋ፣ ድንኳን ወይም ግመል ከሌለ፣ ባዶ ግድግዳ ብቻ ከሆነ፣ እስክታረጋግጥ ቦታውን አትጻፍ።