ዓይናችሁን ከአሸዋው ወደ ተመልካቹ መልሱ

ውድ ልጆቼ፣

ለረጅም ዓመታት ታሪክ ሳስተምር፣ በሕዝብ ፊት ይዋጉ ስለነበሩት ስለ ሮም ግላዲያተሮች በተነሣ ቁጥር ተማሪዎቼ የሚጠይቁኝ ስለ ሰይፉ፣ ስለ መረቡና ስለ አውሬው ነበር። እኔ ግን ደም እንዲመጥ ከተነጠፈው አሸዋ ላይ ዓይናችሁን አንሥታችሁ ተመልካቹን እንድታዩ እመክራችኋለሁ።

ነገሩ የተጀመረው ከሐዘን ጋር ነው። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ264 የዩኒየስ ብሩቱስ ፔራ ልጆች፣ ለአባታቸው መታሰቢያ ብለው ሦስት ጥንድ ተዋጊዎችን በሮም የከብት ገበያ አጋጠሙ። ለሙት ክብር የተባለው ውሎ አድሮ የሕያዋን ሹመት መፈለጊያ ሆነና፣ የሕዝብ ድጋፍ የሚሻ ባለሀብት ሁሉ በገንዘቡ ትርኢት ያዘጋጅ ጀመር። ንጉሠ ነገሥት ቲቶ እ.ኤ.አ. በ80 በሮም ኮሎሲየም የተባለውን ታላቅ የትርኢት ሕንፃ ሲመርቅ ትርኢቱ 100 ቀን ቆየ። 50,000 ያህል ሰው በሚይዘው በዚያ ሕንፃ የምክር ቤት አባላት ከፊት፣ ድኃውና ሴቱ ከላይ ይቀመጡ ነበር። ከታች የሚሞተው በአብዛኛው ባሪያ፣ ምርኮኛ ወይም ወንጀለኛ ስለነበር፣ ከላይ ያለው ድኃ እንኳ ከእርሱ የሚያንስ ሰው በዓይኑ ያይ ነበር፤ የትርኢቱ ኃይል ከምንም በላይ እዚህ ላይ ይመስለኛል።

ጭካኔውም አሸዋው ላይ ብቻ አልቀረም። እ.ኤ.አ. በ59 በጣሊያን በምትገኘው በፖምፔ የከተማው ሰዎችና ከጎረቤት ከተማ ከኑኬሪያ የመጡ እንግዶቻቸው ለትርኢት እንደተሰበሰቡ በስድብ ጀምረው በድንጋይ፣ ከዚያም በስለት ተፋጁ፤ የሮም ምክር ቤትም እንዲህ ያለውን ትርኢት ለ10 ዓመት ከለከላቸው።

ልቤን አብዝቶ የሚነካው ግን የአሊፒዮስ ነገር ነው። ከሰሜን አፍሪካ ሕግ ሊማር ሮም የገባው ይህ ወጣት፣ ወዳጁ አውግስጢኖስ እንደጻፈው፣ ትርኢቱን የሚጸየፍ ነበር። ጓደኞቹ አንድ ቀን ጎትተው ወሰዱት። ሥጋው እዚያ ቢቀመጥም ልቡ እንደማይኖር ነግሯቸው ዓይኑን ጨፈነ፤ ጆሮውን ግን አልደፈነም። አንዱ ተዋጊ ወድቆ ሕዝቡ ሲጮኽ፣ የሆነውን አይቶ ሊንቀው ዓይኑን ገለጠ፤ ደሙን ካየ በኋላ ግን ፊቱን ማዞር አቃተው። አብሮ ጮኸ፤ በሌላ ቀንም ተመልሶ መጣ፣ ያን ጊዜ ሌሎችን የሚጎትተው እርሱ ነበር።

ልጆቼ፣ አሊፒዮስ የተሸነፈው ትርኢቱን ወድዶ ሳይሆን በራሱ ጽናት ተማምኖ ነውና፣ «እኔን አይነካኝም» ብላችሁ ሰው ሲዋረድ ለማየት ከሚሰበሰብ ሕዝብ መካከል አትቀመጡ። እርሱ ከዚያ ልማድ የተላቀቀው ከብዙ ጊዜ በኋላ ነበር።