ስለ በረሃ ጃርቷ ጽሑፍ ለጠየቅሽው እህት

እህቴ፣ ጥያቄሽን አሁን ገና አየሁት። የኢንተርኔቱ መዝገበ ዕውቀት «የበረሃ ጃርት በኢትዮጵያ ብቻ የምትገኝ ስትሆን በጣና ዳርቻ በብዛት ትታያለች» ይላል፤ እውነት መሆኑን ባሕር ዳር ተቀምጬ በምን ላጣራ ነው ያልሽው። እኔ የሠራሁት በዘመዷ፣ በአራት ጣቷ ጃርት ጽሑፍ ላይ ነበር። ስለ ጣና የተጻፈው ግን ቃል በቃል አንድ ነው። ስለዚህ የኔ ጣጣ ያንቺም ነው።

1. ማስረጃ ፍለጋ ቢሮ ለቢሮ አትዙሪ። ከልቤ ነው የምልሽ። እኔ የሚያውቅ ሰው አይጠፋም ብዬ እዚሁ ከተማችን አንድ መሥሪያ ቤት ሄድኩ። ስሙን ልተወው። በር ላይ «ከየት ነው የመጣኸው?» ተባልኩ። ከቤቴ አልኩ። «የድጋፍ ደብዳቤስ?» ከቤቴ ማን ደብዳቤ ይጻፍልኝ? ለምኜ ከአንድ ቦታ አጻፍኩ። ደብዳቤው መዝገብ ቤት ገባና ተኛ። ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው፣ አልተመራም፣ ነገ ተመለስ። ይሄን ዘፈን ታውቂዋለሽ። በመጨረሻ ባለሙያ የተባለው ሰው ከስልኩ ቀና ሳይል አንድ ብሮሹር ወረወረልኝ። «ይኸው ማስረጃ።»

ደጅ ወጥቼ ገለጥኩት። ያችው ዓረፍተ ነገር! ከነፊደል ግድፈቷ! ተመልሼ «ይሄን ከየት አገኛችሁት?» አልኩት። «ከኢንተርኔት ነዋ፣ ሌላ ከየት ይገኛል?» አለኝ። ቀጥሎም «ሥራ የለህም እንዴ? ጃርት ምን አደረገችህ?»

ታዲያ ቤት ገብቼ የጽሑፉን የለውጥ ታሪክ ከፈትኩ። እያንዳንዱ ዓረፍተ ነገር መቼ እንደገባ ቀኑ እዚያ አለ። ብሮሹሩ የታተመው ዓረፍተ ነገሩ ከገባ በኋላ ነው። መዝገበ ዕውቀቱ ራሱን በራሱ ሊመሰክር ነበር ማለት ነው። አንቺም ማንም ወረቀት ቢሰጥሽ በቅድሚያ ቀኑን እዪ።

2. «በኢትዮጵያ ብቻ» የሚለው የመጣው ከሳይንሳዊ ስሟ ይመስለኛል፤ ፓራኤኪነስ ኤቲዮፒከስ። ስሙን ያወጣላት ኤረንበርግ የሚባል ጀርመናዊ የተፈጥሮ ተመራማሪ ነው፣ እ.ኤ.አ. በ1830ዎቹ መጀመሪያ፤ የገለጻት ደግሞ ከዶንጎላ በረሃ ከተገኘች ናሙና ነው። ዶንጎላ ሱዳን ነው። በዚያ ዘመን ከግብፅ በስተደቡብ ያለው አገር በጅምላ ኢትዮጵያ ይባል ነበርና አትደነቂ። እንስሳዋ ከሰሃራ ምዕራብ ጫፍ እስከ ዓረብ ባሕረ ሰላጤ ድረስ አለች። እኛም ዘንድ የስርጭት ካርታዋ የሚያሳያት በደረቁ ቆላ ነው። ጣና 1,800 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ያለ፣ ክረምቱን ሙሉ የሚዘንብበት፣ ደንገል የሚበቅልበት ቦታ ነው። የበረሃ እንስሳ እዚያ «በብዛት» ታየች የሚል ሰው ናሙና ያምጣ።

3. ገበሬ ስትጠይቂ ፎቶ ይዘሽ ሂጂ። እኔ ወደ ዘጌ መንገድ ሰዎችን ሳናግር ሁሉም «አለች እንጂ! ድንቻችንን ጨረሰችው!» አሉኝ። ድንች ቆፋሪው እሾሁ ረጅሙ ትልቁ ጃርት ነው፤ እሱ ከአይጥ ወገን ነው። ያንቺዋ መዳፍ የምትሞላ፣ ነፍሳት የምትለቅም፣ ስትደነግጥ የምትጠቀለል ናት። ከአይጥ ጋርም አትዛመድም። አንዱ ሽማግሌ ፎቶውን አይተው «ይቺማ ሌላ ናት፣ እሷንማ አላውቃትም» አሉኝ። ከመሥሪያ ቤቱ ሁሉ በላይ የረዱኝ እሳቸው ናቸው፤ ቡናም ጋብዘውኛል።

አራተኛ ብዬ ልቆጥር ነበር፣ ግን ዋናው ምንጭ ይሄ ስለሆነ ቁጥሩን ተይው። ዬልደን፣ ላርገንና ኮክ የሚባሉ ተመራማሪዎች የኢትዮጵያን አጥቢ እንስሳት በተከታታይ ክፍሎች ዘርዝረዋል። እ.ኤ.አ. በ1976 የወጣው ሁለተኛው ክፍል ነፍሳት በሎችንና የአይጥ ወገኖችን የያዘ ነው። ናሙና የተገኘባቸውን ቦታዎች እዚያ ታገኛለሽ። አራት ጣቷን ከፈለግሽ ኤሪናሲየስ አልቢቬንትሪስ በሚለው አሮጌ ስሟም ፈልጊ። ጂቢአይኤፍ የሚባለው የናሙና መረጃ ቋትም ነፃ ነው፤ ነገር ግን አገሪቱ መሐል ላይ ብቻዋን የቆመች ነጥብ ካየሽ አትመኛት። «ኢትዮጵያ» ብቻ ተብሎ የተመዘገበ ናሙና እዚያ ይጣላል።

ጎረቤት በስልክ ያነሳት ፎቶ ካመጣልሽ አናቷን እዪ። የበረሃዋ ከግንባሯ በላይ እሾህ የሌለው ሰፊ ክፍተት አላት፤ ጆሮዋ ትልልቅ፣ አፍንጫዋ ዙሪያም ጠቆር ያለ ነው። የአራት ጣቷን ለመለየት የኋላ እግሯን ቁጠሪ። አብዛኛውን ጊዜ አራት ጣት ነው።

ስታርሚ ሙሉ አንቀጹን እንዳትሰርዢ፤ ወዲያው ይመልሱብሻል። ያችን ዓረፍተ ነገር ብቻ ለውጪና ምንጩን እዚያው አስገቢ። የኔ እርማት እስከ ዛሬ አልተነካም፣ ልኩራራ! በውይይት ገጹ ላይ ደግሞ የብሮሹሩንና የጽሑፉን ቀን ጎን ለጎን ጻፊ፤ አንድ ሰው ያንኑ ብሮሹር ይዞ መምጣቱ አይቀርም።